ያጸዳኸው ኮምፒውተር

ወንዴ፣

የሳንጃ ማኪና ሳያመልጠኝ በጥድፊያ ነው የምጽፍልህ። ለጥናቴ የሰሊጥ ገበሬዎቹን ጠይቄ የምመለሰው ቅዳሜ ነው።

ትናንት እራት ላይ «ኮምፒውተራችን ቫይረስ ሞልቶት ነበር፣ አጸዳሁልህ» ብለህ ስትኩራራ ዝም ያልኩህ ጎርሼ ስለነበር ነው። ያጠፋኸው ሁለታችንም ስታትስቲክስ የምንሠራበትን የላይብረሪ ፎልደር፣ ስሌት ስንጀምር በስማቸው የምንጠራቸው ፋይሎች ያሉበትን ነው። ኔትወርክ ተዘግቶ በነበረ ጊዜ ከባህር ዳር በፍላሽ ይዤው የመጣሁት ነው። ምነው አንድ ጊዜ ብትጠይቀኝ? የማታውቀው ነገር ሁሉ ቫይረስ ከሆነ፣ የምትማርበት ዩኒቨርሲቲ በሙሉ ቫይረስ ነው።

ፍላሹ ከበሩ ጀርባ ሚስማሩ ላይ ተንጠልጥሏል። ይዤው መሄድ እችል ነበር።

ፎልደሩን እንዳለ ኮፒ አድርገህ የነበረበት ቦታ መልሰው። አትክፈተው፣ አታስተካክለው፣ በፈጠረህ አታጽዳው።

ውሃ ነገ ይመጣል፣ ጀሪካኖቹን ሙላ። እሱ እንኳን አያቅትህም።

ከፋይሎቹ መካከል እኔ ራሴ ጽፌ በስሜ የሰየምኩት አንድ አለ። የመመረቂያ ጽሑፍህ ስሌት ሁሉ የሚሠራው በእሱ ነው። የምስጋና ገጽህን ጠረጴዛው ላይ አግኝቼ አነበብኩት። አከራያችንን አያ ዳኛውን አመስግነሃል። የፎቶ ኮፒ ቤቷን ልጅ አመስግነሃል። እኔ የለሁበትም፣ ግድ የለም።

ሐሙስ ፈታኞችህ ፊት ስሌቱን ስትከፍት ግን የመጀመሪያው መስመር ላይ ስሜን ትጠራለህ። ካልጠራኸው አይነሳልህም።

ሙሉሰው