በረዶ የዳሩት እናት፦ የወይዘሮ ከኒዝ ወዚር የሕይወት ታሪክ

ወይዘሮ ከኒዝ ወዚር ከአባታቸው ከአቶ ወዚር ሙሐመድና ከእናታቸው ከወይዘሮ ሮቂያ ሸባን፣ በባልቲስታን ተራሮች፣ ከኻፕሉ ከተማ በላይ ባለችው በታርጎ መንደር፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1951 ተወለዱ። ወሩን የሚያውቅ የለም። እናታችን አፕሪኮት ጣራ ላይ አስጥተው ሳለ ምጥ እንደያዛቸው ይናገሩ ስለነበር በጋ ላይ ነው ማለት ነው። ይህን የምጽፈው ታናሽ ወንድማቸው ሚርዛ ነኝ። ለአርባቸው ቀን እንዲነበብ ቤተሰቡ ጻፍ ስላለኝ ጻፍኩ እንጂ ዕድሜዬን የጨረስኩት የመኪና መሪ ላይ ነው፤ ጉድለት ቢገኝበት በእኔ ይሁን።

በዘመኑ ለሴት ልጅ ትምህርት ቤት አልነበረም። ቁርዓን መቅራት ከመንደሩ ሼህ ዘንድ ተማሩ፤ ሌላውን ሁሉ የተማሩት ከእናታችን አባት ከአፖ ሸባን ነው፤ አያትንም ሽማግሌንም አፖ እንላለን። አፖ ሸባን በረዶ ይድሩ ነበር። ድንጋይና አፈር የለበሰው ጥቁሩ በረዶ ወንድ ነው፤ ውኃ የሚሰጠው ነጩ ደግሞ ሴት። ሁለቱን ከየተራራቸው በቅርጫት ተሸክሞ፣ ፀሐይ በማያየው ዋሻ ውስጥ ከሰልና ገለባ አልብሶ፣ ውኃ ከሞላ ቅል ጋር መዝጋት ነው። አላህ ካለ በረዶው ይዋለዳል፤ ከዓመታት በኋላ የልጅ ልጅ ይጠጣል። ሕጉ ሁለት ነው። ሸክሙ መሬት አይነካም፤ ሙሽሮቹም ቤታቸው እስኪገቡ ድረስ ከተሸካሚው አፍ ቃል አይወጣም። ከወጣ ጋብቻው ፈረሰ። ሴት አትሸከምምና አፖ ሸባን፣ “ምነው ወንድ በሆንሽልኝ፣ የዚህን መንደር ውኃ ላንቺ ነበር የማወርሰው” ይሏቸው ነበር። ትንሿ ከኒዝም፣ “እንግዲያው የሚሸከም እወልድልዎታለሁ” ብለው ሽማግሌውን አስቀዋቸዋል።

በ1969 ለተራራ ወጪዎች ጓዝ ይሸከሙ ከነበሩት ከአቶ ሸምሸር ጋር ተጋቡ። አራት ልጆች ወልደው ሁለቱን በጨቅላነታቸው ቀበሩ። ዛኪር በ1972፣ ነርጊስ በ1977 የተወለዱት ናቸው የተረፏቸው። በ1981 አቶ ሸምሸር ከፈረንጆች ጋር እንደወጡ ናዳ ተጫናቸው፤ አስከሬናቸውም አልተገኘም። ወይዘሮ ከኒዝ ሁለት ልጆችና አንድ ላም ይዘው ቀሩ።

ልጆቹን እንዴት እንዳሳደጉ መንደሩ ሁሉ ያውቃል። ልጅ ሲወለድ አኻያ ይተክላሉ፤ ልጁ መራመድ ሲጀምር ዛፉን የሚያጠጣው እሱ ነው። ማለዳ ዛፉ ሳይጠጣ ልጁ አይጠጣም። የእጅ እጣቢ እንኳ መሬት ላይ አይደፋም፣ ወደ ሥር ነው የሚሄደው። ጎረቤታቸው ወይዘሮ ሑርመት በግንቡ ላይ አንገታቸውን አውጥተው፣ “ኧረ ከኒዝ፣ ልጅ ነው የወለድሽው ወይስ ለዛፍ ሞግዚት?” ሲሏቸው፣ “ውኃው ሲደርቅ ያንቺ ልጅ ጓዙን ጠቅልሎ ካራቺ ይገባል፤ ያኔ እንተያያለን” ብለው ይመልሱ ነበር። እውነታቸውን ነው። የሑርመትም ልጅ ሄደ፤ እኔም ሄጄ የጭነት መኪና ስነዳ ኖርኩ።

ሌላው የበረዶ ጨዋታ ነው። ክረምት ሲገባ የሰፈሩን ልጆች ግቢያቸው ሰብስበው በየመዳፋቸው በረዶ ያስይዟቸዋል። እህ ያለ ይወጣል፤ እስኪቀልጥ ዝም ያለ ያሸንፋል፤ ሽልማቱ ዋልኑት፣ ያ ቅርፊቱ ተሰብሮ የሚበላው ፍሬ ነው። ሁልጊዜ የሚያሸንፈው ዛኪር ነበር። መዳፉ ቀልቶ፣ ዓይኑ እንባ ሞልቶ፣ አፉ ግን እንደተቆለፈ ነው። እናቱም ግንባሩን ስመው፣ “ይሄ የኔ ልጅ ነው!” ይሉ ነበር። ነርጊስ አንድም ቀን አላሸነፈችም። ያቺ ልጅ ዱሮም ምላሷ አያርፍም።

በላያችን ያለው ትልቁ በረዶ ከዓመት ዓመት እየሸሸ ሄዶ ጅረቱ በ1991 በጋ ገና ገብሱ ሳይዘረዝር ቆመ። ሽማግሌዎቹ በጥቅምት በረዶ እንዲዳር ወሰኑ። ሸክም የሚችል ወጣት ግን ጠፍቶ ነበር። ወይዘሮ ከኒዝ የሽማግሌዎቹ አለቃ ወደነበሩት ወደ አፖ ሐይደር በራሳቸው እግር ሄደው፣ “ዛኪርን ውሰዱ፤ እንደሱ ዝም የሚል በዚህ ሸለቆ የለም” አሉ። ሲሸኙትም ቅርጫቱን በትከሻው ላይ እያጠበቁለት፣ “ልጄ፣ ሙሽሮቹ ቤታቸው እስኪገቡ ብትወጋም ብትቃጠልም አፍህን እንዳትከፍት” አሉት። እሱም ዝምታውን ከወዲሁ ጀምሮ ራሱን ብቻ ነቀነቀ።

ነጩን በረዶ ከያዙት መጨረሻ የሚሄደው እሱ ነበር። ከፊቱ የነበረው አቶ ጉልዛር እስከ ዛሬ፣ “አንዲት እህ ቢል እሰማው ነበር” እያለ ይምላል። ዋሻው ደርሰው ዘወር ሲሉ ዛኪር የለም። እየተያዩ፣ ቃል ሳይተነፍሱ ተመለሱ። የተራራው በረዶ ከተሰነጠቀበት አፍ ላይ ዱላው ተጋድሟል፤ ቅርጫቱም ዱላው ላይ ተንጠልጥሏል። መሬት አልነካም። ዛኪር ታች፣ በሁለቱ የበረዶ ግድግዳ መሐል ተሰንቅሮ ሞቷል። የሱፍ ቆቡን አውልቆ አፉ ውስጥ ጎስጉሶ ነክሶታል። ወዮ ልጄ! ቅርጫቱን ሲሰቅል ተርፎ ነበር ማለት ነው፤ ቆቡን ሲያወልቅም ተርፎ ነበር። መጮህ ይችል ነበር፤ ላለመጮህ ነው የታገለው።

ሰዎቹም መጀመሪያ ያነሱት ቅርጫቱን ነው። ዋሻ አስገብተው፣ ድረው፣ በድንጋይ ዘግተው፣ ከዚያ በኋላ ነው ጉልዛር ጮሆ መሬት የወደቀው። ሬሳውን ለማውጣት ተመለሱ።

አፖ ሐይደር ሊያረዱ ከደጃፍ ሲቆሙ ወይዘሮ ከኒዝ ከነርጊስ ጋር ዋልኑት ይሰብሩ ነበር። ቀና ብለው፣ “በረዶው ደረሰ ወይ?” አሉ። “ደረሰ።” “አልሐምዱሊላህ። ዛኪርስ?” አሉ። ከዚህ በኋላ የሆነውን መጻፍ አልችልም። ሰው በዚያ ጥያቄ ብዙ ፈርዶባቸዋል። እኔ የምለው አንድ ነው፤ እሳቸው ሲጠይቁ ልጃቸው በሕይወት ያለ መስሏቸው ነው። የትኛዋ እናት ናት ልጇ መሞቱን እያወቀች ስለ በረዶ የምትጠይቅ? ነርጊስ ግን የቱ ቀድሞ እንደተጠየቀ በጆሮዋ ሰምታለች።

ያቺ ምላሷ የማያርፍ ልጅ ከዚያ ቀን ወዲህ አምስት ዓመት እናቷን አላናገረችም። በ1996 ስካርዱ ከተማ ተድራ ስትሄድ በር ላይ ቆማ፣ “እኔም ብሞት መጀመሪያ ስለ ውኃው ነው የምትጠይቂው” አለችና ወጣች። ከዚያ በኋላ የታርጎን መሬት አልረገጠችም። የሰፈሩም እናቶች፣ “ከኒዝ ዘንድ እንዳትሄዱ፣ ለበረዶ ትድራችኋለች” እያሉ ልጆቻቸውን ከለከሉ። ግቢው ጭር አለ። ወይዘሮ ከኒዝ የዛኪርን አኻያ ብቻቸውን ያጠጡ ነበር።

በ2003 ከዋሻው ሥር ያለው ዳገት ረጠበ። በሦስተኛው በጋ ውኃው የእርሻችን እርከን ድረስ ወረደ። የዛኪር ምንጭ ተባለ፤ በግ ታረደ፤ ከካራቺ የተመለስነውም አፕሪኮት ተከልን። ወይዘሮ ሑርመት የመጀመሪያውን ኩባያ ይዘው እየሮጡ መጥተው፣ “ጠጪ እንጂ! የልጅሽ እኮ ነው!” አሏቸው። “ስለሆነ ነው የማልጠጣው” አሉ። አልጠጡምም። እስኪሞቱ ድረስ ታች ወንዝ ወርደው ያንን አመድ የመሰለ ውኃ በጀርባቸው ተሸክመው እየወጡ፣ በእንስራ አጥልለው ይጠጡ ነበር። ጉልበታቸው ሲዝል እኔ አመላልስላቸው ጀመር። “ኧረ እህቴ፣ በፈጠረሽ፣ ደጅሽ የሚፈስ ውኃ እያለ!” ስላቸው፣ “ከሰለቸህ ተወው፣ ራሴ እወርዳለሁ” ነበር መልሳቸው።

ምንጩ ከመጣ ወዲህ ልጆቹ አንድ ሁለት እያሉ ወደ ግቢያቸው ተመለሱ። ዛፍ አስተከሏቸው፤ ውኃ እንዴት እንደሚከፈል፣ ቡቃያ ከፍየል እንዴት እንደሚታጠር አሳዩአቸው። በረዶም በመዳፋቸው አስያዟቸው። ጨዋታው ግን ተገልብጧል፤ ዋልኑት የሚሰጠው መጀመሪያ ለጮኸው ነው። “ውኃውን ጠብቁ፣ ዛፉን ውደዱ። ሲያማችሁ ግን ጩኹ! በረዶ ሌላ ይገኛል” ይሏቸው ነበር። ሽማግሌዎቹ ተቆጡ። አፖ ሐይደር፣ “ይቺ ሴት የአያቷን ሕግ በልጆች አፍ ታስፈርሳለች” አሉ።

በ2014 ትልቁ በረዶ ጨርሶ ሲያልቅ ሌላ ተዳረ። የተሸከሙት በግቢያቸው ያደጉት ናቸው። የጉልዛር ልጅ ሺራዝ ዳገቱ ላይ እግሩ ከዳው፤ “ኧረ ድረሱልኝ!” ብሎ ጮኸ። ጓደኞቹ ቅርጫታቸውን መሬት ላይ ጥለው ከገደሉ አፋፍ ጎትተው አወጡት። በረዶውን ከመሬት ለቃቅመው ዋሻ አስገቡት። ያ በረዶ ግን አልያዘም። ይኸው እስከ ዛሬ ከዚያ ዋሻ ጠብታ አልወጣም፤ የታችኛው እርከንም ዘንድሮ ደርቋል፤ ሦስት ቤተሰብ ነቅሎ ሄዷል። አፖ ሐይደር ከመሞታቸው በፊት መጥተው፣ “አላልኩሽም? ጋብቻው ፈረሰ” አሏቸው። ወይዘሮ ከኒዝም፣ “ሺራዝ ዛሬ እናቱ ቤት እራቱን ይበላል ወይስ አይበላም? እሱን ይንገሩኝ” አሉ። ማን ልክ እንደነበረ እኔ አላውቅም። የደረቀውን እርከን ሳይ አንድ ነገር አስባለሁ፣ ሺራዝን ሳይ ሌላ።

በ2023 በታኅሣሥ ወር ግማሽ ጎናቸው ዛለ፤ አንደበታቸውም ተያዘ። ሐኪም ቤት ወስደናቸው ነበር፤ ወደ ቤት መልሷቸው ተባልን። ለነርጊስ ተደወለ። መንገዱ በበረዶ ተዘግቶ ነበርና ግማሹን በእግሯ መጣች። ከእናቷ አጠገብ ተቀመጠችና፣ “ለምን በረዶውን አስቀደምሽ?” አለቻቸው። ይህን ለመጠየቅ ነው እንግዲህ ያን ሁሉ ዘመን የቆየችው። እናቲቱ አፋቸውን ከፈቱ፤ ደግመውም ሞከሩ፤ ቃል አልወጣም። እንባቸው ብቻ ወደ ጆሮአቸው ወረደ። ምነው አንደበታቸው ሳለ በመጣሽ፣ ብዬ ልናገራት ነበር፤ ፊቷን ሳይ ተውኩት።

ማግስቱን ማጣጣር ሲጀምሩ ሴቶቹ ከዛኪር ምንጭ በኩባያ ቀድተው ወደ ከንፈራቸው አስጠጉ። ከንፈራቸውን ገጠሙ። “አሁንስ ይጠጡት፣ አሁንማ ምን አለ” ሲሉ፣ ነገሩን ከእኔ የሰማችው ነርጊስ ኩባያውን ከእጃቸው ተቀበለች። “ተዉአት። እናቴ ይህን አትጠጣም” አለች። እንስራዋን ይዛ ራሷ ወንዝ ወረደች። የቀዘቀዘውን ወንዝ በድንጋይ ሰብራ፣ ያንን አመዳማ ውኃ ቀድታ መጣች። በማንኪያ ስትሰጣቸው ጠጡ። በጥር 9 ቀን 2024 ከሰዓት በኋላ በልጃቸው እጅ ላይ አረፉ።

ወይዘሮ ከኒዝ ወዚር በሕይወት ያለች የአንዲት ሴት ልጅ እናትና የሦስት ልጆች አያት ነበሩ። እኔን ወንድማቸውን፣ በግቢያቸው ያደጉትን ልጆችና አሁን ነርጊስ የምታጠጣውን የዛኪርን አኻያ ትተው ሄደዋል። ከምንጩ የምትጠጡ ሁሉ ስትጠጡ ዱዓ አድርጉላቸው። አላህ ይዘንላቸው፤ ቀብራቸውን ያብራላቸው፤ ከልጃቸው ጋር ያገናኛቸው። በዚህ ዓለም በጥም ያለፉትን እናት ከጀነቱ ከከውሰር ምንጭ፣ ሰው ካልሞተበት ውኃ ያጠጣቸው። አሚን።