የምሕረት ማመልከቻና የመርከብ ላይ አውሮፕላኖችህ

ኃይልዬ፣

ልጃችን ምሕረት የካናዳ አየር ኃይልን የሕክምና ምርመራ አልፋለች። ዓይኗ፣ ጆሮዋ፣ ልቧ፣ የእግሯ ርዝመት ሳይቀር ተለክቶ ለአብራሪነት ብቁ ናት የሚል ደብዳቤ ሰኞ ደረሰን።

ከተለየኸን ሁለት ዓመት ከአራት ወር ሆነ። እስከ ዛሬ ያልጻፍኩልህ ረስቼህ አይደለም። ጋዜጣ ላይ አሥራ ስድስት ዓመት የሠራ ሰው አዲስ ነገር ሳይኖረው ብዕር ለማንሳት ያፍራል። አሁን አዲስ ነገር አለ። እኔም ፈርቻለሁ፤ ከማንም በፊት ለአንተ መናገር ፈለግኩ።

የቤቱን ወሬ አስቀድሜ ልጨርስ። ቶዮታህ እስካሁን ይነሳል። ብርድ ሲጠና ሞተሩን ኤሌክትሪክ ላይ ሰክተሽ እደሪ ያልከኝን አንድ ቀን ዘነጋሁና ጠዋት ስታገል ጋሼ ተክሌ መጥተው አስነሱልኝ። አሁን እዚሁ ካልጋሪ፣ ሞንተሬይ ፓርክ የሚባለው ሰፈር ነው የሚኖሩት፤ ታክሲያቸውን አልተዉም። ኬብሉን እየሰኩ፣ «አይ አንቺ! ደግሞ የመካኒክ ሚስት ነኝ ትያለሽ!» አሉኝ። እኔ አሁንም ማተሚያ ቤቱ ውስጥ ነው የምሠራው፤ የሱፐርማርኬት ማስታወቂያ ፍላየር አርማለሁ። የበረዶ ጫማህን ምሕረት ሁለት ካልሲ ደርባ ታደርገዋለች። ኦሊምፒኩ የካቲት ላይ መጥቶ ሄደ፤ ከተማው ሁለት ሳምንት ሙሉ ሌላ ከተማ መሰለ።

ከደብዳቤው ጋር አንድ ገጽ ቅጽ አለ። ምሕረት ገና አሥራ ሰባት ዓመቷ ስለሆነ ያለ ወላጅ ፈቃድ አይቀበሏትም። ቅጹ ሁለት የፊርማ መስመር አለው። ባንተ መስመር ላይ ራሷ በእርሳስ ቀጭን ሰረዝ አስምራበታለች። የቀረው የእኔ ነው። የምትፈልገው የጭነት አውሮፕላን አይደለም። ካለፈው ዓመት ጀምሮ እዚህ አገር ሴቶችም ተዋጊ ጀት እንዲያበሩ ተፈቅዷል፤ እሷም ያንን ሬዲዮ ላይ ከሰማች ጀምሮ ሌላ ወሬ የላትም።

ጥፋቱ ያንተ ነው። ይህን ስልህ እየተቆጣሁ አይደለም።

ቸስተርሚር ሐይቅ በረዶ የሠራበት ያ እሑድ ትዝ ይልሃል? አሥራ አራት ዓመቷ ነበር። በረዶው ላይ ሁለት መቶ አሥር እርምጃ ቆጥረህ ከዳር እስከ ዳር የካርቶን ሣጥን አቆምክ። «መርከቡ ይኸው» አልካት። «ኦል ኦፍ ኢት?» አለችህ። «በሙሉ። ደግሞ ቆሞ አይጠብቅሽም፤ ይሄዳል፣ ይነሳል፣ ይወድቃል።» ከዚያ መኪናው ውስጥ እሷን ከጎንህ፣ እኔን ከኋላ አስቀምጠህ ከሩቅ እየበረርክ መጣህ፤ የመጀመሪያው ሣጥን ጋ ስንደርስ ፍሬን ያዝክ። መኪናው ግን እየተሽከረከረ የመጨረሻውን ሣጥን ጨፍልቆ አለፈ። እኔ ጮህኩ። አንተ ረጋ ብለህ፣ «በቃ፣ ባሕር ገባን፣ ሞተናል» አልክ። እሷ ደግሞ «አገይን!» አለች። ሦስት ጊዜ ደገምከው፤ ሦስቱንም ጊዜ ሞትን። ያቀፍኩትን መቀመጫ እስክለቅ ጠብቀህ ስለ መንጠቆውና ስለ ገመዱ በእጅህ እያሳየህ አስረዳሃት፤ አውሮፕላኑ ጅራቱ ሥር ባለው መንጠቆ መርከቡ ላይ የተዘረጋውን ገመድ ካልያዘ፣ በዚያ ዘመን ፊት ለፊት የሚጠብቀው የሽቦ አጥር ብቻ ነበር።

ይህን ሁሉ ያወቅከው ደብረ ዘይት፣ አየር ኃይል ሳለህ ነው። ፋየርፍላይ የምትሏቸው እነዚያ ባለ ሁለት ወንበር አውሮፕላኖች በካናዳ ባሕር ኃይል ለመርከብ የተገዙ፣ በኋላ ለእኛ የተሸጡ ነበሩ። ባሕር በማይታይበት ከተማ ለመርከብ ማረፊያ የተሠራ መንጠቆ ስትወለውልና ክንፍ ስታጥፍ ወጣትነትህ አለቀ። ካልጋሪ መጥተን ከተማው ውስጥ የባሕር ኃይል አሮጌ አውሮፕላኖች እንዳሉ ስትሰማ ቅዳሜ ቅዳሜ እየሄድክ አቧራቸውን ትጠርግ ጀመር። ሽማግሌዎቹ ይህን ሥራ የት ተማርክ ብለው ሲጠይቁህ «በእናንተው አውሮፕላን» ብለህ መለስክላቸው። ምሕረት ጨርቅ ይዛ ከኋላህ ነበረች።

ቅጹ ከመምጣቱ በፊት፣ ገና ስታመለክት፣ እኔም የማውቀውን ሥራ ሠራሁ። ሦስት ሳምንት ከሥራ ስወጣ ወደ ከተማው ቤተ መጻሕፍት ሄድኩ። እምቢ ስላት ማስረጃ ይዤ እንድላት ነበር። ማስታወሻ ደብተሬ በዚህ ይጀምራል፦ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በሚጓዝ መርከብ ላይ መጀመሪያ ያረፈው እንግሊዛዊ አብራሪ ከጥቂት ቀን በኋላ እንደገና ሲሞክር ባሕር ውስጥ ገብቶ ሞተ። ቀጥሎ በፓስፊክ ጦርነት የጃፓን መርከቦች ሲቃጠሉ አየር ላይ የነበሩት ተዋጊዎች የሚያርፉበት አጥተው አንድ በአንድ ውኃው ላይ መውረዳቸው። ቀጥሎ አንተ አቧራውን ትጠርገው የነበረው ሲፋየር። የየብሱን ስፒትፋየር መንጠቆ አድርገውበት ወደ ባሕር የላኩት ነው፤ እግሮቹ ቀጭንና ጠባብ ናቸው። ጣሊያን ሳሌርኖ ላይ ነፋስ በጠፋበት ሳምንት ከጠላት ይልቅ በትንንሾቹ መርከቦች ላይ ሲያርፍ የተሰበረው ይበልጣል። እነዚያ ልጆች ተዋግተው ተመልሰዋል እኮ። የሞቱት ቤታቸው በር ላይ ነው። በኮሪያ ጦርነት ደግሞ ያንተ ፋየርፍላይም ከመርከብ ይነሳ ነበር፤ አብሮት የዋለው ሲ ፉሪ ባለ ፕሮፔለር ሆኖ ሚግ ጀት መትቶ ጥሏል። ምሕረት ከደብተሬ ውስጥ የወደደችው ይህንን ብቻ ነው።

ባለፈው ቅዳሜ ሁሉንም አነበብኩላት። እስከ መጨረሻው ሰማችኝ። ከዚያ፣ «ማም፣ ሲሪየስሊ? ካናዳ እኮ ካሪየር የላትም! የመጨረሻውን ሪታየር ያደረጉት እኔ ሳልወለድ ነው» አለችኝ።

ልክ ናት፤ ካናዳ አውሮፕላን የሚያርፍበት መርከብ የላትም። ለጀማሪ ሪፖርተሮች፣ ሌላውን ከመጠየቃችሁ በፊት የት እንደሆነ ጠይቁ እል የነበርኩት እኔ፣ ሦስት ሳምንት ሙሉ በሌለ መርከብ ላይ ልጄን ሳሳርፍ ከረምኩ። አብረን ሳቅን። ቅዳሜ ከሰዓትና እሑድን ሙሉ እህል በላሁ፣ እንቅልፍ ተኛሁ።

ሰኞ ፖስታው ሲመጣ ከቅጹ ጋር ባለ ቀለም ብሮሹር ነበረበት። ኮልድ ሌክ የአየር ኃይል ጦር ሰፈር ያሉት የአዲሶቹ ተዋጊ ጀቶች ፎቶ አለው። አንዱ ከበታች የተነሳ ነው። ጅራቱ ሥር ያለውን ሳየው ለማወቅ መነጽር አላስፈለገኝም። «ይሄ ምንድነው?» አልኳት። «ሁክ ነው… ኢመርጀንሲ ሲኖር ራንዌይ ላይ ይጠቀሙበታል» አለች፤ ከዚያ አንተ እንዳስተማርካት ሙሉውን እውነት ጨመረችበት። አውሮፕላኑ ሲሠራ ለአሜሪካ መርከቦች ነው፤ ካናዳ ስትገዛው ከነመንጠቆው፣ ከነሚታጠፈው ክንፉ ነው። አንተ በሞትክበት ዓመት ሚያዝያ ላይ እነዚሁ ጀቶች ከመርከብ ተነስተው ሊቢያን ሲመቱ በቴሌቪዥን አይተናል። ያን ጊዜ ሶፋው ጫፍ ላይ ተቀምጠህ መንጠቆውን አየሽው፣ አየሽው እያልክ በጣትህ ታሳያት ነበር። እኔ ወጥ ቤት ነበርኩ። ከመርከብ የሚነሳ ነገር የሚነሳው ራቅ ብሎ ያለ ሰው ቤት ድረስ ለመሄድ መሆኑን ያን ቀን አላሰብኩትም።

ጋሼ ተክሌን ምን ይላሉ ብዬ ጠየቅኳቸው። ይመክሩኛል ብዬ ነበር። አሥመራ ተምረው፣ ኋላ ገጠር ወርደው ያስተማሩበት ጊዜ እንዳለ ታውቃለህ። መሪያቸውን እንደያዙ ወደ እኔ ሳይዞሩ፣ «ልጄ፣ እኔ አውሮፕላን ቦምብ ሊጥል ሲመጣ ከታች የነበርኩ ሰው ነኝ። የላዩን እኔን አትጠይቂኝ» አሉኝ። ቤቴ በር ላይ ሲያወርዱኝ ደግሞ፣ «ምሕረት ግን ጎበዝ ናት፤ ሰላም በይልኝ» አሉ። እስከዚያ ቀን እፈራ የነበረው ልጄ ትወድቃለች ብዬ ነው። ከዚያ ወዲህ ሌላም እፈራለሁ፦ ሳትወድቅ፣ የታዘዘችውን ሁሉ አድርሳ፣ በሰላም ብትመለስስ?

ኃይልዬ፣ በእናንተ ክፍል የነበረውን ልማድ አስታወስኩ። ሞተር ተፈትቶ ሲገጠም፣ ደኅና ነው ብሎ የፈረመው መካኒክ ለሙከራው በረራ ኋላ ወንበር ላይ ይቀመጥ ነበር። አለቃችሁ ሌላ ቁጥጥር አያስፈልገኝም ይሉ እንደነበር እየሳቅክ ነግረኸኛል። ሳትስቅ የነገርከኝ ደግሞ አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ምሕረት ልትወለድ ሰሞን፣ ሐኪም ቤት በረንዳ ላይ። በፈረምክ ቁጥር ትፈራ እንደነበር፣ ኋላ ወንበር ላይ ተቀምጠህ ያጠበቅከውን እያንዳንዱን ብሎን በልብህ እንደገና ትቆጥር እንደነበር። መብረር የምትወድ ይመስለኝ ነበር። አንተ ግን የምትወደው ማረፉን ነበር።

እኔ ልፈርም የተጠየቅኩት ወረቀት ኋላ ወንበር የለውም። ጀቱም ባለ አንድ ወንበር ነው። እዚህ፣ ከማድ ቤቱ መስኮት አጠገብ ተቀምጬ እጠብቃለሁ፣ ሌላው ሁሉ የእሷ ነው። በልቤ የምቆጥረው ብሎን እንኳ የለኝም።

እምቢ ብል ምን እንደሚሆን በሚገባ አውቃለሁ። መጋቢት ላይ አሥራ ስምንት ዓመት ይሞላታል፤ ከዚያ በኋላ ፊርማዬን ማንም አይጠይቅም። የዘንድሮው ቦታ ያልፋታል፣ ዓመት ትጠብቃለች፣ ትሄዳለች። ልዩነቱ ስትሄድ እንዴት እንደምታየኝ ነው። ትናንት ሳህን እያጠበች፣ ፊቷን ሳትመልስ፣ እንዲህ አለችኝ፦ «ማም፣ ኖ ብትዪ አልቆጣም፣ አይ ፕሮሚስ። ግን ዳድ ቢኖር ይፈርም ነበር አትበይኝ፤ አይፈርምም ነበርም አትበይኝ። እሱን አታስገቢው። የምትፈርሚው አንቺ ነሽ።» ከዚያ ሳህኑን አስቀምጣ እጇን ሱሪዋ ላይ ጠረገች። ልክ እንደ አንተ።

ስለዚህ አልጠይቅህም። ይህን ሁሉ ከጻፍኩ በኋላ ምልክት ስጠኝ፣ በሕልሜ ና አልልህም። ምክንያትም አላደርግህም። ልጃችን አብራሪ ሆነች አልሆነች፣ ስምህን የማነሳው እንደ ነበርክ ነው፦ የሚፈራ፣ ፈርቶም የሚሳፈር፣ አውርደውት መሬት ሲረግጥ መጀመሪያ ሰዓቱን የሚያይ ሰው። ከዚህ የጨመርኩት ወይም የቀነስኩት ቀን እርማት አወጣለሁ። ይህን ቃል እሰጥሃለሁ።

የምልመላ ቢሮው ቅጹን የሚቀበለው እስከ ዓርብ አሥር ሰዓት ድረስ ነው። ዛሬ ረቡዕ ነው። ምሕረት ትምህርት ቤት ናት፤ እኔ ዛሬ ሺፍት የለኝም። አልፈረምኩም።

ባለቤትህ