ላ ኮንስታንት እንዳትዘም የለፉት የሙሴ ኮረንታን ትሬሜሌ የሕይወት ታሪክ

ሙሴ ኮረንታን ትሬሜሌ ከአባታቸው ከመርከብ አናጢው ከሙሴ ኤርቬ ትሬሜሌና ከእናታቸው ከማዳም ባርብ ለ ሉዋርን በ1846 ዓ.ም.፣ በቅዱስ ሚካኤል በዓል ዕለት፣ በብረታኝ ጠረፍ በሳን-ቴሎ ከተማ ተወለዱ። ማዕበል ወደቡን ዘግቶት ስለነበር አባታችን ከማዶ መመለስ አቅቷቸው የበኩር ልጃቸውን ያዩት ሰንብተው ነው። ይህን የምጽፈው በብዙ ዓመት የማንሳቸው እህታቸው አናይክ ነኝ። አባ ማቱራን በሕዝብ ፊት ስለሚያነቡልኝ አመሰግናለሁ። አንዳንዱን ቦታ ሊዘሉት ቢያስቡ ግን እዚሁ ከፊት ወንበር ላይ ተቀምጫለሁ።

ወንድሜ ለትምህርት ሲደርሱ በከተማችን ወደሚገኘው የመነኮሳት ትምህርት ቤት ገቡ። ቤት ውስጥ የምንናገረው ብረቶንኛ ስለነበር ፈረንሳይኛውን የተማሩት እዚያ ነው። በሒሳብ የሚስተካከላቸው አልነበረም። በጸባይ ግን ተመስጋኝ ነበሩ ብል የሚያውቋቸው ሁሉ ይታዘቡኛል። የእናታችንን የእንጨት ጫማ እየደበቁ በከብቶቹ ገንዳ ላይ ያንሳፍፉና ጠጠር ይጭኑበት ነበር። ጠጠሩን ከሥር ሲያነጥፉት ጫማው ቀጥ ብሎ ይንሳፈፋል፤ ከላይ ሲቆልሉት ይገለበጣል። በርጥብ ጫማ ቅዳሴ የሄዱት እናታችን የዚህ ምርምር ጥቅም አልታያቸውምና አለንጋ ያነሱ ነበር። ወንድሜ በ1866 ዓ.ም. ፓሪስ ገብተው የባሕር ኃይል መሐንዲስነት ተምረው በማዕረግ ከተመረቁ በኋላም፣ የተማርኩት ሁሉ ከዚያ ገንዳ ብዙም አይርቅም ይሉ ነበር።

ወደ ሳን-ቴሎ ተመልሰው አባታችን በአናጢነት ባገለገሉበት የመርከብ ማሠሪያ በመሐንዲስነት ተቀጠሩ። በ1875 ዓ.ም. የሸራ ሰፊውን ልጅ ማዳም ዜሊ ጋሬክን በሥርዓተ ተክሊል አግብተው ማሪቮን የተባለች አንዲት ሴት ልጅ ወለዱ። ዜሊ በሳንባ በሽታ ያረፉት ልጅቱ ገና ፊደል ሳትለይ ነው። እኔም ሐዘኑ እስኪበርድ ብዬ ሻንጣዬን ይዤ መጣሁ፤ ይኸው እስከ ዛሬ አልሄድኩም።

በ1887 ዓ.ም. ከፓሪስ ትእዛዝ መጣ። ጎኗ ሁሉ ብረት የለበሰ ፈጣን የጦር መርከብ ትሠራ ተባለ። በሩቅ ባሕር የጠላትን መርከብ አሳድዳ የምትይዝ፣ የሚበረታባት ሲመጣ የምታመልጥ፣ ማምለጥ ካልቻለችም ተኩሱን የምትችል መሆን ነበረባት። ነደፋው ለወንድሜ ተሰጠ። ስሟም ላ ኮንስታንት ተባለ፤ የማትናወጥ ማለት ነው። ስም የሚያወጡት እነዚያው ፓሪስ ያሉት ናቸው።

በዚያ ዘመን አዲሱ ፈንጂ ጥይት ብረት ያልለበሰውን ጎን እንደ ጨርቅ ይቀድ ስለነበር ብረቱ ከውኃው በታች ጀምሮ እስከ ላይኛው ወለል ድረስ መውጣት ነበረበት። ብረት ደግሞ ይከብዳል። ወንድሜ ያገኙት መላ ጎኖቿ ወደ ላይ በወጡ ቁጥር ወደ ውስጥ እንዲሰበሰቡ ማድረግ ነው። ሆዷ ሰፊ፣ ትከሻዋ ጠባብ ሆነች። አፍንጫዋ ከውኃው በታች ወደ ፊት ይቀድማል፤ ከኋላዋ ሦስት ፕሮፔለሮች ይገፏታል። ትንሿን የእንጨት አምሳያዋን መጀመሪያ ያየሁ ቀን አስቀያሚ ናት ብያቸው ለሁለት ቀን አኩርፈውኛል። ነገር ግን እንዲህ ያለች መርከብ አንድ ጠባይ አላት። ሌላ መርከብ ዘንበል ስትል ሰፊ ትከሻዋ ውኃው ላይ ያርፍና መልሶ ያቆማታል። ይህቺ የምታርፍበት ትከሻ ስለሌላት ከላይዋ ቀላል መሆን አለባት። ወንድሜ ይህን በዳቦ ቁራሽ እያሳዩኝ ስንት ሾርባ ቀዝቅዞብኛል።

ሚኒስትር እንደ ሸሚዝ በሚለዋወጥበት አገር መርከብ መሥራት ምን እንደሆነ የሠራ ያውቀዋል። የመጣው ሁሉ አሻራውን ሳያሳርፍ መሄድ አይወድም። አንዱ ከላይ መድፍ ጨመረ። ሌላው ለአድሚራሉ መንሸራሸሪያ በረንዳ አስቀጠለ። ሦስተኛው ቀጫጭኖቹን ምሰሶዎች አስነቅሎ ወፋፍራም የብረት ማማዎች አስተከለባት፤ ውስጣቸው ጠመዝማዛ ደረጃ አለ፣ አናታቸው ላይ ሰውና መትረየስ የሚቆምበት ባለ ሁለት ደርብ መቆሚያ ተሠራ። በፎቶግራፍ ያምራሉ። ወንድሜ አይሆንም ብለው ጻፉ፣ ደግመውም ጻፉ። ደብዳቤው ፓሪስ ሲደርስ ግን የተጻፈለት ሰው ተሽሮ ይገኛል፤ አዲሱም የሚጨምረውን ይዞ ይመጣል። ወንድሜ ማታ ማታ ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው እሳቱን ያዩ ነበር። እኔም ከመጥበሻዬ ጋር ከመጣላት በቀር ያደረግኩላቸው ነገር የለም።

አንድ ተስፋ ቀራቸው። መርከብ ለመንግሥት ከመሰጠቷ በፊት የመዝመም ፈተና አለ። ጸጥ ባለ ውኃ ላይ ቆማ ሳለ ከባድ ብረት ከአንድ ጎኗ ወደ ሌላው ጎኗ ይወሰዳል። በውስጧ በረጅም ገመድ የታሰረ ቱምቢ ይንጠለጠላል፤ ስትዘም ቱምቢው የሄደው ርቀት ይለካል። ከተወሰነው ካለፈ ከላይዋ ያለው ሸክም ይቀነሳል። ይህ ደንብ ነው፤ ሚኒስትር አይሽረውም። ወንድሜ አስቀድመው አስልተው ነበር። ላ ኮንስታንት ፈተናውን ትወድቃለች፣ ማማዎቹም ይቆረጣሉ። በማማዎቹ ቦታ የሚተከሉትን የአጫጭር ምሰሶዎች ንድፍ ጨርሰው የሥራ ክፍላቸው መሳቢያ ውስጥ አስቀምጠው ቀኑን ይጠብቁ ጀመር። አባት የልጁን መውደቅ ሲመኝ ያየሁት ያን ጊዜ ነው። ይህን ለእኔ ነገሩኝ እንጂ ለሌላ ሰው አልተናገሩም። ቢያንስ ለጆብ ይንገሩት ብያቸው ነበር፤ የወንድ ጉዳይ ነው ብለው ዝም አሰኙኝ።

ጆብ ለ ባይል የሠራተኞቹ አለቃ ነው። ሙያውን ከአባታችን እጅ የተማረ፣ ከወንድሜ ጋር በአንድ ጓሮ ያደገ ሰው ነው። የሳን-ቴሎ አናጢዎች ልማድ አላቸው። የመርከብ አከርካሪ ሲዘረጋ እያንዳንዱ ሠራተኛ ከቤቱ ቁራጭ ብረት ያመጣና ከሥሩ ይወሽቃል። የማረሻ ስባሪ ሊሆን ይችላል፣ ዝገት የበላው ሚስማር ሊሆን ይችላል። መርከቧ የወጣችበትን ቤት እንዳትረሳ ነው ይላሉ። በፈተናዋ ቀን የምትዘም መርከብ ደግሞ የሠሪዎቿ ውርደት ናት። ከዓመታት በፊት አንዲት መርከባችን ስትዘም የወንዙ ማዶ ሰዎች፣ ልጃችሁን የፖም ጠጅ አጠጥታችሁ ነው እንዴ የዳራችኋት እያሉ መጠጥ ቤት መግቢያ አሳጥተዋቸው ነበር።

ስለዚህ ጆብና ሰዎቹ ልማዱን አሰፉት። የምድጃ ጡብ እናስገባለን እያሉ ለሳምንታት ድፍን ብረት አጋዙና ከሆዷ ወለል ሳንቃ ሥር ደረደሩት። መርከቧ ከታሰበው በላይ ጠለቀች፤ ከፓሪስ በተጫነባት ቀድሞም ጠልቃ ስለነበር ማንም አልጠረጠረም። ወንድሜ እንዳያፍሩ ብለው ነው ያደረጉት። እኛ ይህን ያወቅነው በኋላ፣ ማወቅ በማይጠቅምበት ጊዜ ነው።

ፈተናው በ1892 ዓ.ም. ጥቅምት ወር ተደረገ። ሠራተኞቹ ቆባቸውን አውልቀው፣ ማንም እንዳይንቀሳቀስ ተብሎ ቆሙ። ብረቱ ከጎን ወደ ጎን ተወሰደ። ቱምቢው ትንሽ ተነቃነቀና ቆመ። ከፓሪስ የመጡት ሹማምንት የወንድሜን እጅ ጨበጡ፤ ሠራተኞቹ ቆባቸውን ወደ ሰማይ ወረወሩ። ወንድሜ ቤት ሲገቡ ፊታቸው አመድ መስሎ ነበር። ሒሳቡን እንደገና ሠሩ፣ ደግመው ሠሩ፣ ስህተት አጡበት።

«አናይክ፣» አሉኝ በመጨረሻ፣ «ወይ ቱምቢው ዋሽቷል፣ ወይ እኔ መደመር አልችልም።»

«ቱምቢ ይዋሻል እንዴ ጋሼ?»

«አይዋሽም፤» አሉና በማግስቱ ሄደው ፈረሙ።

ላ ኮንስታንት ባሕር ላይ ወጥታ የተባለውን ፍጥነት ልታገኝ አልቻለችም። አዛዧ ምክንያቱን ለማወቅ ሲያስፈትሽ ከወለሉ ሥር ያ ሁሉ ብረት ተገኘ። ምን እንደሆነ የሚያውቅም ሆነ በወረቀት ያሰፈረ ስላልነበረ በሩቅ ወደብ አውጥተው ጣሉት። ፍጥነቷን አገኘች። በ1894 ዓ.ም. መጋቢት ወር ከሰሉ እየተመናመነ፣ ሆዷ እየቀለለ ወደ አገሯ ስትመለስ ማዕበል አገኛት። አዛዧ በፍጥነት ሊያዞራት ሲል ዘመመች፤ እንደዘመመችም ቆየች። ውኃው በታችኞቹ የመድፍ መስኮቶች ገብቶ የእሳት ክፍሉን ሞላው። ላይ ያሉት ተስፋ ከቆረጡ በኋላ ቀስ ብላ ቀና አለች። ከታች እሳት ይቆሰቁሱ የነበሩ ዘጠኝ ልጆች ግን ሞተው ተገኙ። አንዱ የጆብ ልጅ ኤርዋን ነው።

ጆብ ኤርዋንን ቀብሮ ቀጥታ ወደ ቤታችን መጣ። እኔ በር ላይ ቆሜ ሰምቻለሁ፤ ይህንንም የምጽፈው በእርሱ ፈቃድ ነው።

«ሙሴ ኮረንታን፣ ከሆዷ ብረት ያስገባነው እኛ ነን። በሰው ፊት እንዳያፍሩ ብለን ነው።»

ወንድሜም፣ «እኔ እኮ እንድትዘም ነበር የምፈልገው፤» አሉት።

ጆብ መጀመሪያ አልገባውም። ሲገባው ጠረጴዛውን በሁለት እጁ ያዘ። «ታዲያ አንድ ቃል ቢነግሩን ምን ነበረበት?»

«አፈርኩ፣ ጆብ። የገዛ ልጄን ውደቂ ማለት አፈርኩ።»

ጆብ በማግስቱ ለሚቀመጠው አጣሪ ጉባኤ እናገራለሁ አለ። ወንድሜ ከለከሉት። «ኤርዋንን ቀብረሃል። ከዚህ በላይ የሚጠይቅህ የለም።» ጉባኤው ፊት ቀርበውም ሒሳቡም ፊርማውም የእኔ ነው ብለው ወጡ። እንደዚያው ተጻፈ። ማማዎቹን ያስተከለው ሰው ያን ጊዜ ሌላ ሹመት ላይ ነበር፤ ስሙንም ያነሳ የለም።

ወንድሜ ገና አምሳ ሳይሞላቸው ከሥራቸው በጡረታ ተሰናበቱ። ከሟቾቹ የአንዱ እናት ገበያ ላይ ስታገኛቸው ፊቷን አዙራ ታልፍ ነበር፤ እርሳቸው ግን ሁልጊዜ ባርኔጣቸውን አንስተው ሰላም ይሏት ነበር። እውነቱ ስንት ጊዜ ምላሴ ጫፍ ላይ ደርሶ መልሼዋለሁ። ዝም በይ ተብያለሁ፤ ደግሞስ ብናገር ከዘጠኙ ማን ይነሳል?

በ1897 ዓ.ም. ሌላ መሐንዲስ የላ ኮንስታንትን ማማዎች አስቆርጦ አጫጭር ምሰሶዎች ተከለላት። ንድፉ ወንድሜ መሳቢያቸው ውስጥ ያስቀመጡት ነበር፤ ሲሰናበቱ እዚያው ትተውት ወጥተዋል። መርከቧ በባሕረ ሰላጤያችን ያለፈች ቀን የወደቡ ግንብ ላይ ቆመው ከዓይናቸው እስክትሰወር አዩአት። ቀጥ ብላ ነበር። ቤት መጥተው የጥቁር ስንዴ ቂጣ አስጨምረው በሉ።

በ1908 ዓ.ም. ደም ራሳቸው ውስጥ ፈስሶ ግራ ጎናቸው ሰነፈ። ወንበር ላይ ሳስቀምጣቸው ወደ ግራ ያዘነብሉብኝ ስለነበር በትራስ እደግፋቸዋለሁ። «ላዬ ከብዷል አናይክ፣ ከላይ ቀንሺልኝ፤» ብለው ይቀልዱብኝ ነበር። ጆብ ሐሙስ ሐሙስ እየመጣ ጢማቸውን ይላጫቸዋል። አንድ ቀን ምላጩን እንደያዘ፣ እውነቱ ይነገር፣ እኔ አልቻልኩም ብሎ ለመናቸው። ወንድሜም ከሞትኩ በኋላ እንደ ልብህ አሉት። ዛሬ የተነበበው ለዚህ ነው። የጉባኤው ጽሑፍ ግን አይለወጥም፤ ፓሪስ ጽፌ ጠይቄ ነበር፣ የጻፍኩለት ሰው ተሽሯል።

ሙሴ ኮረንታን ትሬሜሌ በዚህ በያዝነው በ1910 ዓ.ም. በየካቲት ወር፣ ልጃቸው ማሪቮንና እኔ እጃቸውን ይዘን ሳለን፣ በተወለዱበት ከተማ አረፉ። ማሪቮንን፣ ባሏን፣ ሁለት የልጅ ልጆቻቸውንና እኔን ትተው ሄደዋል። ጆብንም ከቤተሰቡ ቁጠሩልኝ።

ትናንት ሳጥኑ ከመዘጋቱ በፊት ጆብ በመሐረብ የተጠቀለለ ነገር ይዞ መጣ። ከቤቱ በር የነቀለው አሮጌ ማጠፊያ ብረት ነው። «እትዬ አናይክ፣ ይፈቅዱልኛል? ልማዳችን ነው፤» አለኝ። ያ ሁሉ ብረት አልበቃህም ወይ ልለው አፌን ከፍቼ ነበር። ፊቱን ሳየው ተውኩት።

«አስቀምጥ፤» አልኩት። «ግን ከታች ይሁን፣ ከእግራቸው ሥር።»

ቸሩ አምላክ የወንድሜንና የዘጠኙን ልጆች ነፍስ ማዕበል በማይደርስበት ወደብ ያሳርፍልን። ሳጥኑን የምትሸከሙ ወንድሞች፣ ከወደ እግሩ ቢከብዳችሁ ምክንያቱ ያ ብረት ነው። እባካችሁ ሳታዘነብሉ፣ ቀጥ አድርጋችሁ ውሰዱልኝ።