ስምሽ የተጠራበት ሰሌን

ለውዷ እማዬ፣

እንደምን ሰነበትሽልኝ? ጉልበትሽስ ይሄን ብርድ እንዴት ቻለው? አባዬስ ራዲዮኑን እያስጮኸ ያስቸግርሻል? እኔ ደህና ነኝ፤ ይቺን እስክጽፍ ግን ስንቴ ተነስቼ ስንቴ እንደተቀመጥኩ አትጠይቂኝ። ፊልም የምንቀርጽበትን መንደር ስነግርሽ «ካልሲ ይዘሻል?» ብለሽ ወሬ የቀየርሽው ለካ በምክንያት ኖሯል!

የምንቀርጸው የሰሌን ሥራ ነው። ሠሪዋ አንዲት አሮጊት ናቸው፤ ከሳቸው ወዲያ የሚችለው የለም። ደግሞ ጨዋታቸው! ካሜራማናችንን «ቀጭኔው» ብለው ስም አውጥተውለት፣ «ጎንበስ በል፣ ጣሪያዬን ልታፈርሰው ነው!» ሲሉት ይውላሉ።

እዚህ ሰሌን እንዲሁ አይጀመርም። የመጀመሪያዋ ቅጠል ስትታጠፍ የባለቤቱ ስም ይጠራል። አንዴ ከተጠራ «ይጨረስ» ወይም «ይፈታ» የሚለው ባለስሙ ብቻ ነው። እኔም ለካሜራ ያምራል ብዬ ያንቺን ስም ጠራሁ። እጃቸው ቀጥ አለ። ስትስቅ አፏን በግራ እጇ ትሸፍናለች ወይ አሉኝ። አዎ፣ እርስዎ በምን አወቁ? አልኳቸው። «የሷንማ ጀምሬዋለሁ፤ ወንድሜ ሊያገባት፣ ለቤታቸው ነበር» ብለው ከበሩ ጀርባ ግማሽ ሰሌን አወጡ። ጭስ አጥቁሮታል፣ ጫፉ እንደተበተነ ነው።

ወንድምየው እዚያው ግቢ ቅጠል ይዘፈዝፉ ነበር። ቀና ሳይሉ፣ እንቅልፍ ትተኛለች ወይ አሉኝ። ትተኛለች አልኩ፤ መዋሸቴን አንቺም ታውቂያለሽ። ዕድሜዬን ጠየቁኝ፤ ነገርኳቸው። ጣታቸውን እያጠፉ ዓመት መቁጠር ጀመሩና መሃል ላይ ተዉት። እርጥብ እጃቸውን ሱሪያቸው ላይ ጠረጉ። ቀጭኔው ደግሞ አፉ አያርፍ፣ ሁለታችንን በካሜራው እያየ፣ «አንድ ላይ አልቀርጻችሁም፤ ተመልካቹ አሮጊቷን ትቶ እናንተን ነው የሚያየው፣ መልካችሁ ቁርጥ አንድ ነው!» ብሎ ሳቀ።

አለቃዬ መጨረሻ የሌለው ፊልም አልቀበልም እያለ በስልክ ይነዘንዘኛል። በሌላ ስም እንጀምር ብል አሮጊቷ፣ «ስሟ ተጠርቶማ ሌላ አልይዝም፤ መጀመሪያ ስለዚህኛው ትናገር» ብለው እጃቸውን አጣጠፉ። ስለዚህ ይቺን በሹፌራችን ልኬልሻለሁ፤ መልስሽን ይዞልኝ ይመለሳል። በስልክማ እንዳልጠይቅሽ አባዬ ከጎንሽ አይጠፋም።

«ይጨረስ» ካልሽ ይጨርሱታል። «ይፈታ» ካልሽ ካሜራውን አጥፍተን እኔው እፈታዋለሁ። ፊልሙን ተዪው፣ የአለቃዬ ነገር ለኔ ይሁን። ሰውየው ግን ያንን ሰሌን ተሸክመው ወደ ውጭ ያወጡታል፣ አቧራውን ያራግፉታል፣ መልሰው ያስገቡታል። እሱን እያየሁ መቀመጥ አቃተኝ። አንድ ቃል ብቻ ላኪልኝ፤ የማትፈልጊውን አላስወራሽም።

ደብዳቤዬን ጮክ ብለሽ ለአባዬ እንደምታነቢለት አውቃለሁ። ይቺን ግን ለብቻሽ። ግንባሩን ሳሚልኝ፤ ምነው ዛሬ ካለሽ፣ እንዲሁ ነው በይው።

ፈጣሪ ዕድሜና ጤና ሳይነጥል ይስጥልኝ፤ ሁለታችሁንም ከቤቴ ከጎኔ አያጥፋብኝ።

የአንቺና የአባዬ ልጅ