ሳይሞቱ ስለተለቀሰላቸው ሃምሳ አለቃ እና ስለታሰረው የእድር ጥሩምባ

ለክቡር ሻምበል አሸብር
የሰፈራችን ፖሊስ ጣቢያ አዛዥ
መርካቶ፣ አዲስ ከተማ

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ እርስዎ እንደምን ሰነበቱ፣ መላ ቤተሰብዎ እንደምን ሰነበተ፣ ያ ከሩቅ የሚያብረቀርቀው ቆብዎ ሳይቀር እንደምን ሰነበተ እላለሁ። እኔ በበርበሬ ተራ ከወፍጮ ቤቱ አጠገብ የምነግደው ሠርኬ፣ የእድራችን ጥሩምባ ነፊ የጣሰው ሚስት፣ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ባሌም ደህና መሆን አለበት፤ እርስዎ ጣቢያ ታስሮ ስለሚገኝ ከእኔ ይልቅ የእሱን ነገር የሚያውቁት እርስዎ ነዎት። ይህን ደብዳቤ በጣቢያው አጥር ላይ የለጠፍኩት፣ መርካቶ በሙሉ የሚያውቀው ጉዳይ ከእርስዎ ብቻ ተደብቆ እንዳይቀር በማሰብ ነው።

የጨርቅ ሌባ አስቸግሮን አቤት ባልን ጊዜ ሁለት መርማሪዎች ስለላኩልን እጅ ነስቼ አመሰግናለሁ። አንደኛው ሌባ ሲያሳድዱ የሸበቱት ሃምሳ አለቃ ደመቀ ናቸው። ሁለተኛው ከማሠልጠኛ ገና የወጡት፣ የሸሚዛቸው እጥፋት እንኳ ያልጠፋው ወጣቱ መርማሪ ፈለቀ ናቸው። አንደኛው ያውቃሉ፣ አይሮጡም፤ ሌላው ይሮጣሉ፣ አያውቁም። እነዚህን ሁለት ሰዎች ያጣመረ አእምሮ ይባረክ። ሆኖም ጥቂት ቅሬታዎች ስላሉኝ በታላቅ ትሕትና አቀርባለሁ።

፩ኛ. ሌባው እንዳያውቃቸው ልብስ ቀይረው መምጣታቸው ድንቅ ነበር። ሃምሳ አለቃ ቡትቶ ለብሰው ተሸካሚ መስለው መጡ፤ ከታች ግን የፖሊስ ጫማቸውን መስተዋት እስኪመስል ወልውለውታል። ተራው በሙሉ «እንደምን ዋሉ ሃምሳ አለቃ» እያለ ከመቀመጫው ሲነሳላቸው ዋለ። ወጣቱ ደግሞ ጥቁር መነጽር አድርገው፣ ከውጭ ዕቃ የሚያስመጡ ነጋዴ መሆናቸውን ለየሱቁ አስረዱ፤ ከጨርቅ ነጋዴው ከሀያቱ ዘንድ ገብተው ግን የተጠራላቸውን ዋጋ ሳይከራከሩ እሺ አሉ። ሀያቱ ደነገጠ። በመርካቶ እንዲህ የሚያደርግ ሰው ወይ የታመመ ነው ወይ መንግሥት ነው።

፪ኛ. ተሸካሚ ከሆኑ አይቀር ይሸከሙ ብዬ፣ ከወፍጮ ቤት የወጣ የበርበሬ ዱቄት ጆንያዬን ሃምሳ አለቃ ትከሻ ላይ ያወጣሁት እኔ ነኝ። እምቢ ካሉ ማንነታቸው ይገለጣል። ስለዚህ እንባቸውን እያዘሩ ተሸከሙ። ለመንግሥት ምስጢር ሲል እንዲህ ያስነጠሰ ሹም በሕይወቴ አላየሁም፤ ይህ ቅሬታ ሳይሆን ምስጋና ነው።

፫ኛ. ለሁለት መርማሪ አንድ ፊሽካ መስጠትዎን እንደ ቁጠባ አይቼ አከብረዋለሁ። ፊሽካዋን ግን ሃምሳ አለቃ «ጀማሪ መጀመሪያ ትዕግሥት ይማር» ብለው ኪሳቸው ከተቷት። ይህን ብለው ሳይጨርሱ ሌባው አንድ ጣቃ አቡጀዲ አቅፎ ከሀያቱ ሱቅ ወጥቶ ሮጠ። ሃምሳ አለቃ ከነጆንያዬ ተከተሉት፤ ብዙም ሳይርቁ ያ የተወለወለ ጫማ አንሸራተታቸውና በጀርባቸው ተዘረሩ። ጆንያው ተቀደደ። በርበሬው ከግንባራቸው እስከ ወገባቸው አለበሳቸው፣ ዓይናቸውንም መግለጥ አቃታቸው። ከሩቅ ላየ ሰው በጩቤ የተወጉ ነው የሚመስሉት።

ወጣቱ መርማሪ እርዳታ ሊጠሩ ኪሳቸውን ቢዳስሱ ፊሽካ የለም። በዚያች ሰዓት የኔው ጣሰው፣ አፉ የተጣመመውን የእድር ጥሩምባ ምን አለሽ ተራ ወስዶ አስቀጥቅጦ ሲመለስ ነበር። ነጠቁት። ነፉት። ጉድ ፈላ!

ክቡር ሻምበል፣ እርስዎም አባል ነዎትና የእድራችን ጥሩምባ በጠራራ ፀሐይ ሲነፋ ምን ማለት እንደሆነ አይጠፋዎትም። ሱቅ ተዘጋ፣ ሚዛን ከነዕቃው ተንጠልጥሎ ቀረ፣ ሴቱ ነጠላውን አዘቀዘቀ። የእድራችን አባላት እነጠሂራ ከሶማሌ ተራ እየሮጡ መጡ፤ የእርስዎም ባለቤት ደረታቸውን እየደቁ ደረሱ። መንገዱ ከዳር እስከ ዳር ተዘጋ። «ኧረ ማን ነው የሞተብን?» ሲባል፣ በቀይ ተለውሰው መሐል መንገድ የተጋደሙት ሃምሳ አለቃ ተገኙ። አልቃሻችን እትዬ ሸዋገነት ወዲያው ጀመሩ፤ የሌባ መድኃኒት፣ የመርካቶ አለኝታ እያሉ ያወረዱት ሙሾ አንጀት ይበላል። ሃምሳ አለቃ በአገልግሎት ዘመናቸው ሁሉ እንዲህ ተመስግነው አያውቁም መሰለኝ፣ ዓይናቸው ከተገለጠም በኋላ መልሰው ጨፍነው አዳመጡ። በዓይኔ በብረቱ ነው ያየሁት፤ ፈገግ ብለዋል።

ሌባውስ? ለቀስተኛው መንገዱን ስለዘጋበት ከመሐል ገብቶ ቀረ። ለቅሶ ላይ አቡጀዲ ታቅፎ የተገኘ ሰው ምን ይባላል? መገነዣ ፈጥኖ ያመጣ ደግ ሰው ተባለ። ሴቶቹ «ወልደህ ሳም» እያሉ እጁን ይዘው እስከ አስከሬኑ አደረሱት። ጣቃው ተተርትሮ ሃምሳ አለቃን ከእግራቸው መጠቅለል ሲጀመር፣ በርበሬው ሥራውን ሠራና አስነጠሱ፤ ከዚያም ቀና ብለው ተቀመጡ። ሌባው ጮኾ የወጣቱን መርማሪ እግር አቀፈ፤ «ሰርቄያለሁ፣ በናታችሁ ጣቢያ ውሰዱኝ» አለ። ወደ እርስዎ ጣቢያ ለምኖ የሄደ የመጀመሪያው ሰው ሳይሆን አይቀርም።

፬ኛ. በማግስቱ ሌባው በሁለቱ መርማሪዎች «የረቀቀ ጥናት» መያዙን ጣቢያው ሲያስታውቅ እልል ብለናል። መንገድ የዘጋነውም፣ ያለቀስነውም፣ ሌባውን እጁን ይዘን ያመጣነውም እኛ ስንሆን በጥናቱ ውስጥ መኖራችንን ባለማወቃችን ይቅርታ እንጠይቃለን።

፭ኛ. ከዚያ ሁሉ ግርግር የታሰሩት ሌባው፣ ባሌና ጥሩምባው ናቸው። የባሌ ወንጀል «በሕይወት ባለ ሹም ላይ የሞት ጥሪ ማሰማት» ነው ተባልኩ። ጥሩምባውን የነፉት የእርስዎ መርማሪ መሆናቸውን አገር አይቷል። ወጣቱ ራሳቸው «እኔ ነኝ የነፋሁት» ብለው እርስዎ ፊት ቢቀርቡ፣ ስለ ሐቀኝነታቸው ገሥጸው መለሷቸው አሉ። እኚያ ልጅ ይባረኩ፣ ለባሌ የማመጣለትን ምሳ ተቀብለው የሚያደርሱለት እሳቸው ናቸው። ሃምሳ አለቃም በበኩላቸው እትዬ ሸዋገነት ያወረዱትን ሙሾ እንዲደግምላቸው ባሌን በመስኮት ይለምኑታል ይባላል። ሁለቱ መርማሪዎች በምንም ተስማምተው አያውቁም ነበር፤ በጣሰው ንጽሕና ግን ተስማምተዋል። ያልተስማሙት እርስዎ ብቻ ነዎት፤ በአቋምዎ መጽናትዎን አደንቃለሁ።

ክቡር ሆይ፣ ቤቴ ጭር ብሏል። እድሜ ልኬን ያማረርኩት የጣሰው ማንኮራፋት ናፈቀኝ፤ ይህን ለእሱ እንዳይነግሩብኝ አደራ። እሑድ የእድሩ ስብሰባ ነው፤ እሱ ሳይጠራው የሚሰበሰብ ሰው የለም። ስለዚህ ባሌን ከነጥሩምባው እንዲለቁልኝ ከእግርዎ ሥር ወድቄ እለምናለሁ፤ አወዳደቄ ግን የሃምሳ አለቃን ያህል እንደማያምር ከወዲሁ አስታውቃለሁ።

ጥበብዎ ከጣቢያው ቅጥር እንዳይወጣ የዘወትር ጸሎቴ ነው፤

የእስረኛው ሚስት፣ የተደፋው በርበሬ ባለቤት፣
ሁልጊዜ ትሑት አገልጋይዎ
ሠርኬ
መርካቶ፣ ኅዳር ፲፱፻፶፯ ዓ.ም.

ማስታወሻ፦ ሁለት ጥቃቅን ነገሮች ረስቼ ነበር። ሃምሳ አለቃ ደመቀ አንድ ጊዜ በሥርዓቱ ተለቅሶላቸዋል፤ እድሩ ሁለተኛ ስለማያለቅስ ከእንግዲህ ጤናቸውን እንዲጠብቁ ይንገሩልን። ለእርስዎም አምላክ የማቱሳላን ዕድሜ ይስጥዎ፤ አይበለውና አንድ ቀን ከቤትዎ ክፉ ነገር ቢመጣ ግን፣ ጥሩምባውም ነፊውም እርስዎ ጋ ታስረዋልና የሚሰማ ጎረቤት የለም፣ ብቻዎን ይቀብራሉ።