ሱልጣኑን «አንተ» ያስባልሁት

ግርማዬ፣

ከተለየኸኝ ሁለት ፋሲካ አልፎ ሦስተኛው እየመጣ ነው። ወንበርህን ወደ መስኮቱ አዙሬዋለሁ፤ ዛሬ ልቀመጥበት ብል ግን አልሆነልኝም። እነሣለሁ፣ ቤቱን እዞራለሁ፣ ተመልሼ ቆሜ እጽፋለሁ። ጥፋት አጥፍቻለሁ፤ ለማረም ያለኝም ጊዜ እስከ ነገ ጠዋት ነው።

የልጅ ልጅህ ልድያ ዴንተን ከተማ ባለው ዩኒቨርሲቲ ፊልም እየተማረች ነው። ለመመረቂያዋ ስለ ሱልጣን ሳላሃዲን አጭር ፊልም ሠራች፤ ያውም በአማርኛ። ኢየሩሳሌምን ከመስቀል ጦረኞች ከያዘ በኋላ፣ እንደሚተረከው፣ ለእኛ አገር መነኮሳት ገዳም ሲሰጥ የሚያሳይ ነው። «ዴር ሱልጣን ማለት የሱልጣኑ ገዳም ማለት ነው» እያልህ የነገርኻት አንተ ነህ።

ጽሑፉን እንዳርምላት ሰጠችኝ። ቀይ እስክሪብቶዬን አወጣሁ። ፊደሉን አረምሁ፣ ሰረዙን አረምሁ። ከዚያ ሱልጣኑ፣ የተንበረከኩትን ሽማግሌ መነኩሴ «አባ፣ ይነሡ» ሲል አገኘሁት። ከተማ የያዘ ንጉሥ እንዴት አንቱ ይላል? ሰረዝሁና «አንተ ሽማግሌ፣ ተነሥ» ብዬ ጻፍሁ። የልጅቱ ስሕተት መሰለኝ፤ ገና በጡት ሳለች «እርስዎ» እያልህ ያሳደግኻት ስለሆነች፣ እስከ ዛሬ ድመቷን እንኳ «ከሶፋው ይውረዱ» ነው የምትላት።

ሱልጣኑን የሚጫወተው ጎረቤታችን ሰይድ ነው፤ ከኤርፖርት ሰው የሚያመላልሰው የደሴው ልጅ። የቀረጹት እዚሁ ሰፈራችን ቪከሪ ሜዶ፣ ከአፓርታማችን ጀርባ ባለው የጡብ ግድግዳ ሥር ነው። ባቡር ባለፈ ቁጥር ሱልጣኑም መነኩሴውም ዝም ይላሉ። መነኩሴ የሆኑት ከቤተ ክርስቲያናችን የመጡ አዛውንት ናቸው። ሰይድ ቃሉን አነበበና ጥምጥሙን በእጁ ደግፎ ወደ እኔ መጣ።

«እማማ፣ ይቺን ማለት አልችልም። እናቴ ደሴ ሆና ትሰማኛለች።»

«ንጉሥ ነህ እኮ!»

«ንጉሥ እናት የለውም?»

አዛውንቱ እንደተንበረከኩ «ቶሎ በሉ እንጂ፣ ጉልበቴ ፊልም አይደለም!» አሉ። ሁሉም ሳቀ፤ እኔ አልሳቅሁም። እንደ ተማሪ ሦስት ጊዜ አስደገምሁት። በሦስተኛው አለው፤ ዓይኑን ግን ከመሬት አላነሣም።

ትናንት ልድያ አሳየችኝ። ያ ሱልጣን ገዳም የሚሰጥ ሰው አይመስልም፤ መንደርተኛ የሚያስፈራራ ዘበኛ ነው የሚመስለው። ድምፁ የማን ነው ብዬ አሰብሁ። የእኔ ነው።

ልድያ ፊቴን አይታ «እማዬ፣ አንገቱን ደፍቷል፣ ሶ አፉ አይታይም። ድምፁን ብቻ እንደገና ሪከርድ እናደርጋለን። ነገ ለመምህሬ ሰብሚት ከማድረጌ በፊት ይንገሩኝ» አለችኝ።

ቤድፎርድ ከተማ መንገድ ላይ ጎማችንን የቀየረልንን ያገራችንን ልጅ «እግዜር ይስጥዎ» ስትለው፣ ክብርህን ጣልህ ብዬ እስከ ቤት እንደተቆጣሁህ ትዝ ይልሃል? «በዚህ ቁመቴ ሰው ከፍ ባደርግ አላጥርም» አልኸኝ። እኔ እናቴ አባቴን አንቱ እያለች ቆማ ስታበላው እያየሁ ነው ያደግሁት። ባሌን አንቱ አልልም ብዬ ማልሁ፤ አንተም አንድ ቀን አልጠየቅኸኝም። አንቱታን ሁሉ ፍርሃት ነው ብዬ ኖርሁ። ያንተ ግን ፍርሃት አልነበረም፤ ሰይድም ያን ቀን የፈራው አዛውንቱን ሳይሆን እኔን ነው።

አሁን ለሰይድ ደወልሁለት። «ነገ ከሥራ በፊት ብቅ ይበሉ፤ የቀድሞውን ቃል እንቀዳለን» አልሁት። «እማማ፣ አመመዎት እንዴ?» አለኝ።

ከሰረዝሁት በላይ «አባ፣ ይነሡ» ብዬ በዚያው ቀይ መልሼ ጻፍሁ። ከእንግዲህ ይህን ቃል ከማንም አፍ በሰማሁ ቁጥር አስብዎታለሁ፣ ግርማዬ። አልረሳዎትም። አሁን ደክሞኛል። ወንበሩ የእርስዎ ነው፤ ይፍቀዱልኝና ልቀመጥበት።