የቤንዚን ሰልፍ እንጀራ

አስቴርዬ፣

ያ ሕመም ከእኔ ከወሰደሽ ሁለተኛው ክረምት ገባ። ሳልጽፍልሽ የቆየሁት ደስ የሚል ወሬ ጠፍቶብኝ ነው። አሁንም የለኝም። ግን ካንቺ ሌላ ለማን ልንገረው?

መናኸሪያ ያለው ማደያ እንደምታውቂው ነው። ሰፈሩ ሁሉ የሚበላው ከቤንዚን ነው፤ አንዱ ነድቶ፣ አንዱ የሰልፍ ቦታ ይዞ ሸጦ፣ አንዱ ደብቆ ቸርችሮ። እኔም በባጃጄ ሠርቼ ከምገባበት ቀን ተሰልፌ ውዬ የምገባበት በዛ። ልጃችን ሳሮን ይህን ስታይ ትምህርቷን ትታ ያንቺን የሻይ ቦታ ያዘች። ለሰልፈኛው ሻይ ስትቀዳ ጎንበስ ካለች ቁርጥ አንቺን ናት። የእኔን ብርጭቆ በዱቤ ነው እያልሽ ሾፌሮቹን ስታስቂብኝ ትዝ ይለኛል።

ባለፈው ሰሞን ከሻይ ቦታዋ ዳቦ ላነሳ የካርቶኑን ጨርቅ ስገልጥ፣ ከሥሩ ቤንዚን የተሞሉ የሃይላንድ ጠርሙሶች ተደርድረዋል። ምድጃው ፍሙ እንደቀላ አጠገቧ ነው። ልቆጣት ስል ቀና ብላ አየችኝና ቀስ ብላ፣ «አባዬ፣ እስከ ዛሬ ያበላን ሻዩ መስሎህ ነው?» አለችኝ። ስንቱን እራት አመስግኜ በልቻለሁ፤ ከየት መጣ ብዬ ግን አልጠየቅኩም።

ባጃጇን ሸጥኳት። ሳሮን እያኮረፈችም ቢሆን መስከረም ላይ ትምህርት ቤት ልትመለስ እሺ ብላለች። ቤንዚኑም ቀርቷል። አሁን ከምድጃው ኋላ የምቀመጠው እኔ ነኝ። አብረውኝ ይሰለፉ የነበሩ ልጆች፣ ጋሼ ዳቦውንም እርስዎ ነዎት የጋገሩት እያሉ ይቀልዱብኛል። አብሬያቸው እስቃለሁ።

የከበደኝ ሌላ ነው። አንቺ ሻዩን ሳትጥጂ በፊት፣ ጌታ ሆይ ቤንዚኑን አምጣላቸው ብለሽ ትጸልዪ ነበር። ቤንዚን የመጣ ቀን ሰልፉ እንደሚበተን፣ ሻዩም ገዢ አጥቶ እንደሚቀዘቅዝ እያወቅሽ። ዛሬ ጠዋት እኔም ዓይኔን ጨፍኜ ጀመርኩ። አምጣላቸው የሚለው ጋ ስደርስ አፌ እምቢ አለኝ። ሰልፉ እስከ ማዶ ተዘርግቶ አይቼ ልቤ ደስ ብሎት ነበርና።

እንዲህ ያለ ሰው ሆኛለሁ፣ አስቴርዬ። ነገም ጸሎቱን እጀምረዋለሁ። ቃሉ ቢወጣልኝም ባይወጣልኝም፣ አንቺ እንዴት ትዪው እንደነበር አልረሳም።